ማኅተሙ ሳይሰበር፦ የኮምፒዩተር ወንጀል ታሪክ ከዶራሌ ወደብ ሲታይ

በመንፈቀ ዓመቱ ዕረፍት ለዘመድ ጥየቃ ወደ ጅቡቲ ወርደን ነበር። ባቡሩ ነጋድ ላይ ባወረደን በማግሥቱ ዘመዳችን ከከተማው በስተ ምዕራብ ወደሚገኘው ወደ ዶራሌ ወሰደን። ለመግባት ፈቃድ ስላልነበረን ወደቡን ያየነው ከአጥሩ ውጭ ቆመን ነው። እንደ ማንኛውም መንገደኛ ዐይናችን ያረፈው በግዙፎቹ ክሬኖችና እንደ ጡብ በተደራረቡት ኮንቴይነሮች ላይ ነበር። በአንድ ሻይ ቤት ተራውን ሲጠብቅ ያገኘነውን የአገራችንን የከባድ መኪና ሾፌር፣ «ከዚህ ሁሉ መካከል የአንተን ጭነት በምን ትለየዋለህ?» ብለን ጠየቅነው። እርሱም ከኪሱ አንድ የታጠፈ ወረቀት አውጥቶ፣ «መምህር፣ እኔ የምጭነው ዕቃ አይደለም፤ ቁጥር ነው። ውስጡን አላየውም። ቁጥሩ ከወረቀቱ ከገጠመ፣ ማኅተሙም ካልተሰበረ፣ መንገድ ነው» አለን።

ይህ አነጋገር አብሮን ወደ አገር ቤት ተመለሰ። ለመሆኑ ማኅተሙ ሳይሰበር መዝገቡ ቢለወጥስ? ሌባው ወደቡን በእግሩ ሳይረግጥ፣ ምናልባትም ባሕር ማዶ ተቀምጦ፣ ዕቃውን ቢወስድስ? በዚህ ጽሑፍ የኮምፒዩተር ወንጀል ምን እንደ ሆነ፣ እንዴት እንደሚመረመርና እንዴት ለፍርድ እንደሚቀርብ ከታሪክ እያጣቀስን ለመመልከት እንሞክራለን። በጽሑፉ ውስጥ እ.ኤ.አ. ካልተባለ በቀር ዓመቱ ሁሉ በኢትዮጵያ አቈጣጠር መሆኑን አንባቢ ይረዳልን።

ዶራሌና ቁጥሩ

እንደሚታወቀው፣ በግንቦት 1990 ዓ.ም. ከኤርትራ ጋር ጦርነት ከተነሣ ወዲህ የአሰብ በር ስለ ተዘጋ የኢትዮጵያ የባሕር ንግድ ከሞላ ጎደል ወደ ጅቡቲ ዞረ። ዛሬም ከገቢና ከወጪ ንግዳችን 90 በመቶ ያህሉ በዚያ ያልፋል። የዶራሌ የኮንቴይነር ወደብ በ2001 ዓ.ም. ሥራ ጀመረ፤ ሁለገብ ወደቡ በግንቦት 2009 ዓ.ም. ተመረቀ፤ ከአዲስ አበባ ወደ ጅቡቲ የሚወርደው አዲሱ ባቡርም በ2010 ዓ.ም. መደበኛ አገልግሎቱን ጀመረ። እንግዲህ የገበሬው ማዳበሪያ፣ የሐኪም ቤቱ መድኃኒት፣ የትምህርት ቤታችንም ኮምፒዩተር ራሱ ቀድሞ በአንድ ወደብ መዝገብ ውስጥ ቁጥር ሆኖ ያለፈ ነው ማለት ይቻላል።

ማንኛውም ኮንቴይነር በዓለም አቀፍ ደረጃ የተወሰነ መታወቂያ አለው፤ ይኸውም 4 ፊደላትና 7 አኃዞች ናቸው። የመጨረሻይቱ አኃዝ ከፊተኞቹ ፊደላትና አኃዞች በስሌት የምትገኝ መቈጣጠሪያ ናት። ጸሐፊው አንዲቱን አኃዝ ቢያሳስት ብዙውን ጊዜ ስሌቱ አይገጥምምና ስሕተቱ ወዲያው ይታወቃል። ነገር ግን ስሌቱን ማንም ሊያሰላው ስለሚችል፣ ይህች አኃዝ ስሕተትን እንጂ ተንኰልን አትይዝም። ዕቃው የማን እንደ ሆነ፣ ቀረጡ መከፈሉን፣ ማን እንዲያወጣው መፈቀዱን የሚናገረው ብረቱ ሳይሆን በኮምፒዩተር የተያዘው መዝገብ ነው። ስለዚህ መዝገቡን በእጁ ያስገባ ሰው ብረቱን ሳይነካ ዕቃውን በእጁ አስገባ ማለት ነው።

ይህ የምናብ ነገር አይደለም። በቤልጂግ አገር በአንትወርፕ ወደብ፣ እ.ኤ.አ. ከ2011 ጀምሮ ለሁለት ዓመታት ያህል፣ አደገኛ ዕፅ የሚያዘዋውሩ ሰዎች የኮምፒዩተር ዐዋቂዎችን ቀጥረው ወደ ኮንቴይነር መዝገቦች ገብተው ነበር። ከደቡብ አሜሪካ በሚመጣ ሕጋዊ ጭነት ውስጥ ዕፁን ይደብቁና፣ ኮንቴይነሩ የት እንደ ተቀመጠና መቼ እንደሚወጣ ከመዝገቡ አይተው፣ ትክክለኛው ባለ ንብረት ሳይደርስ የራሳቸውን ሾፌር ልከው ያስወጡት ነበር። በመጀመሪያ የገቡት በኤሌክትሮኒክ ደብዳቤ በላኩት ተንኰለኛ ፕሮግራም ነው። ይህ ሲታወቅባቸውና መከላከያ ሲደረግ፣ ቢሮዎቹን በሌሊት ሰብረው የሠራተኞቹን የቁልፍ አመታት የሚቀዱ ትንንሽ መሣሪያዎች ተከሉ። ጉዳዩ የተደረሰበት ሠራተኞች ኮንቴይነሮች እንደ ዋዛ ከነጭነታቸው መጥፋታቸውን ልብ በማለታቸው ነው። በዶራሌ እንዲህ ያለ ነገር ደረሰ ማለታችን አይደለም። ነገር ግን አሠራሩ አንድ ዐይነት በሆነበት ቦታ ሁሉ ሥጋቱም አንድ ዐይነት ነው።

ወንጀሉን መረዳት

አንድን ወንጀል ለመቅጣት አስቀድሞ ምን እንደ ሆነ መረዳት ያስፈልጋል። ሕግ የቈየውን ነገር በደንብ ያውቃል፤ አዲሱን ለማወቅ ግን ይዘገያል። በጀርመን አገር እ.ኤ.አ. በ1899 ፍርድ ቤቱ ኤሌክትሪክ የሚጨበጥ «ነገር» ስላልሆነ በስርቆት ሕግ መሠረት ሊሰረቅ አይችልም ብሎ ፈረደ። በዚህም ምክንያት በሚከተለው ዓመት፣ በ1900፣ የኤሌክትሪክ ስርቆትን ብቻ የሚመለከት ልዩ ሕግ ማውጣት ግድ ሆነ።

የኮምፒዩተርም ታሪክ ከዚህ ጋር ይመሳሰላል። በእንግሊዝ አገር ሁለት ሰዎች የሌላውን የይለፍ ቃል ተጠቅመው ፕሬስቴል ወደሚባል የኮምፒዩተር አገልግሎት ገቡ፤ የንግሥቲቱን ባል የልዑል ፊሊፕን የመልእክት ሣጥን እስከ መክፈት ደረሱ። ዐቃቤ ሕጉ ሌላ አንቀጽ ስላጣ በሐሰተኛ ሰነድ ወንጀል ከሰሳቸው። እ.ኤ.አ. በ1988 የአገሪቱ የመጨረሻ ፍርድ ቤት ያ ሕግ ለዚህ የተሠራ አይደለም በማለት ነፃ ለቀቃቸው። የኮምፒዩተርን አላግባብ መጠቀም የሚከለክለው ሕግ የወጣው ከዚያ በኋላ፣ በ1990 ነው።

ከሁሉ የሚያስተምረው ግን የፊሊፒንስ ጉዳይ ነው። እ.ኤ.አ. ግንቦት 4 ቀን 2000 «እወድሃለሁ» የሚል የእንግሊዝኛ አርእስት ያለው መልእክት ከዚያ ተነሥቶ በጥቂት ሰዓት ውስጥ በዓለም ዙሪያ በሚሊዮን የሚቈጠሩ ኮምፒዩተሮችን አበላሸ። መርማሪዎች ዱካውን ተከትለው ማኒላ ደረሱ፤ ተጠርጣሪውም ተገኘ። ሆኖም በዚያን ቀን በአገሪቱ ድርጊቱን ወንጀል የሚያደርግ ሕግ አልነበረም። ሕጉ በሰኔ ወር ቢወጣም ወደ ኋላ ሄዶ ሊሠራ ስለማይችል ክሱ በነሐሴ ወር ተሰረዘ።

እዚህ ላይ ተማሪዎች፣ «ጥፋቱ እየታወቀ እንዴት ይለቀቃል?» ብለው መጠየቃቸው አይቀርም። መልሱ ቀላል አይደለም፤ ግን ግልጽ ነው። ዳኛ ሕግ ያላወጀውን ወንጀል እያለ የሚቀጣ ከሆነ ነገ ማንም ከመቀጣት አይድንም። የእኛም ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 22 ይህንኑ መሠረታዊ ሐሳብ ይዟል።

ዱካውን መፈለግ

ከዚህ ቀጥለን ወደ ምርመራው እንለፍ። አባቶቻችን ሌባን የሚፈልጉበት ሥርዓት ነበራቸው። አንደኛው አውጫጭኝ ወይም አፈርሳታ ሲሆን፣ የአገሩ ሰው ተሰብስቦ አጥፊው እስኪታወቅ ድረስ የሚቈይበት ነበር። ሁለተኛው ሌባ ሻይ ነው። አንድ ልጅ መድኃኒት ጠጥቶ ራሱን ሲስት፣ ሰዎች በገመድ ይዘው ይከተሉታል፤ ልጁ ሄዶ የወደቀበት ቤት ባለቤት ሌባ ይባልና ዕዳውን እንዲከፍል ይገደዳል። ይህ ልማድ እስከ 20ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ ድረስ በአዲስ አበባ ሳይቀር ይሠራበት እንደ ነበር በታሪክ እናስተምራለን። ተማሪዎቻችንም ይስቃሉ።

ነገር ግን እኛ ራሳችን ከሳቁት ጋር ለመሳቅ ድፍረቱ የለንም። ከጥቂት ዓመታት በፊት እናስተምርበት በነበረ በአንድ ትምህርት ቤት፣ የፈተና ውጤት በተመዘገበበት ኮምፒዩተር ውስጥ የ3 ተማሪዎች ነጥብ ተለውጦ ተገኘ። ወዲያው ጣት የተቀሰረው በአንድ የ10ኛ ክፍል ልጅ ላይ ነበር። ምክንያቱ ምን ነበር? «ኮምፒዩተር የሚያውቀው እርሱ ነው» የሚል ብቻ! የይለፍ ቃሉ በወረቀት ተጽፎ ከመሣሪያው ጎን ተለጥፎ እንደ ነበር ማንም አላነሣም። በዚያኑ ቀን አንድ ባለሙያ ተጠርቶ፣ «በሽታ ይዞት እንደ ሆነ» በሚል ኮምፒዩተሩን ጠርጎ እንደ አዲስ ጫነበት። በማግሥቱ የልጁ አባት መጥተው፣ «መምህራን፣ ልጄ አጥፍቶ ከሆነ አሳዩኝና እኔው እቀጣዋለሁ» አሉ። የምናሳያቸው ነገር አልነበረንም። ይሁን እንጂ በስብሰባው ልጁ እንዲወጣ እጃቸውን ካወጡት መካከል እኛም ነበርንበት። ልጁ አጥፍቶም እንደ ሆነ፣ አላጠፋም እንደ ሆነ፣ ዛሬም አናውቅም፤ ወደ ፊትም የምናውቅበት መንገድ የለም። ይህ ከሌባ ሻይ በምን ይለያል?

በአንጻሩ አንድ ሌላ ታሪክ እንመልከት። እ.ኤ.አ. በ1986 በካሊፎርኒያ በበርክሌይ የምርምር ተቋም ክሊፎርድ ስቶል የሚባል የሥነ ፈለክ ሊቅ በኮምፒዩተር ክፍል ተመድቦ ይሠራ ነበር። በኮምፒዩተሩ የአገልግሎት ሒሳብ ላይ የ75 ሳንቲም ጕድለት ተገኘና ምክንያቱን እንዲያጣራ ታዘዘ። ሌላ ሰው ቢሆን ከኪሱ ከፍሎ ይተወው ነበር። ስቶል ግን ያልታወቀ ሰው በኮምፒዩተሩ መጠቀሙን ደረሰበት። ሰውየውን ወዲያው አላባረረም፤ መስመሮቹን ከማተሚያ መሣሪያ ጋር አገናኝቶ እንግዳው የሚጽፈውን ቃል በቃል በወረቀት ላይ ያሳትም፣ ቀኑንና ሰዓቱንም በማስታወሻ ይይዝ ጀመር። በመጨረሻም እንግዳው በመስመሩ ላይ ረዘም ላለ ጊዜ እንዲቈይ፣ ምሥጢር የሚመስሉ የሐሰት ሰነዶች አዘጋጅቶ አስቀመጠለት። በዚህ ጊዜ የስልክ መሥሪያ ቤቶች መስመሩን ተከትለው በምዕራብ ጀርመን ሐኖቨር ከተማ ደረሱ። አንድ ወጣት ከጓደኞቹ ጋር ሆኖ የአሜሪካ ወታደራዊ ኮምፒዩተሮችን እየበረበረ ያገኘውን ለሶቪየት የስለላ ድርጅት ይሸጥ ኖሯል። እ.ኤ.አ. በ1990 በጀርመን ፍርድ ቤት ተፈርዶባቸዋል።

ስቶል የረዳው ልዩ መሣሪያ አልነበረም። ጕድለቱን አልናቀም፤ ዱካውን አላጠፋም፤ ያየውን ሁሉ በጊዜው መዘገበ። የዛሬ መርማሪዎችም ሥራ ከዚህ የራቀ አይደለም። የተያዘውን ኮምፒዩተር እንደ ተገኘ አይከፍቱትም፤ አስቀድመው ማኅደሩን እንዳለ ይገለብጣሉ፤ ምርመራውን የሚያካሂዱት በግልባጩ ላይ ነው። ከግልባጩ ይዘት ሁሉ በስሌት አንድ ረጅም ቁጥር ያወጡለታል። ከውስጡ አንዲት ፊደል እንኳ ብትለወጥ ቁጥሩ ፈጽሞ ሌላ ይሆናል። ሐሳቡ ከኮንቴይነሩ መቈጣጠሪያ አኃዝ ጋር ይዛመዳል፤ ነገር ግን ይህኛው ቁጥር ተንኰለኛው ይዘቱን ለውጦ ስሌቱን ሊያስመስለው እንዳይችል ሆኖ የተሠራ ነው። የማስረጃው ማኅተም ይህ ነው። «ከአነጋገር ይፈረዳል፣ ከአያያዝ ይቀደዳል» የሚለው ያገራችን ተረት ለዚህ የተነገረ ይመስላል።

ለፍርድ ማቅረብ

በ1949 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሕጋችን ስለ ኮምፒዩተር የሚናገረው አልነበረውም፤ ሊኖረውም አይችልም ነበር። በ1996 ዓ.ም. ታውጆ ከግንቦት 1997 ዓ.ም. ጀምሮ የጸናው የወንጀል ሕግ ከአንቀጽ 706 እስከ 711 ድረስ ለመጀመሪያ ጊዜ ጉዳዩን አነሣ። ከዚያም የኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 እነዚህን አንቀጾች ተክቶ ሰፊ ሕግ ሆነ። አዋጁ ያለ ፈቃድ ወደ ሌላው ኮምፒዩተር መግባትን «ሕገወጥ ደራሽነት» ብሎ ይጠራዋል፤ ቅጣቱም እስከ 3 ዓመት የሚደርስ ቀላል እስራት ወይም ከ30,000 እስከ 50,000 ብር መቀጮ ነው። የተደፈረው ቁልፍ የሆነ የሕዝብ መሠረተ ልማት ሲሆን ከ5 እስከ 10 ዓመት ጽኑ እስራት ያስከትላል። ጠለፋን፣ መረጃ ማበላሸትን፣ ማጭበርበርንና በሐሰት መዝገብ መሥራትንም ለየብቻ ደንግጓል። ክሱን በመጀመሪያ ደረጃ የሚያየው የፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። ስለ ማስረጃ አያያዝም፣ መረጃው እንዳይጠፋ እስከ 3 ወር ተጠብቆ እንዲቈይ ማዘዝ የሚቻልበትን መንገድ ሠርቷል።

ይሁንና አዋጁ ያለ ነቀፌታ አላለፈም። ስም ማጥፋትንና በጽሑፍ የሚሰራጭ ሐሳብን የሚመለከቱት አንቀጾች፣ እንዲሁም በአስቸኳይ ጊዜ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ ምርመራ የሚፈቅዱት፣ የዜጎችን ነፃነት ያጠባሉ ተብለው በሰብአዊ መብት ተሟጋቾች ተተችተዋል። ሌባን ለመያዝ የተሠራ መረብ ተናጋሪንም እንዳይዝ መጠንቀቅ የሕግ አውጪው ዕዳ ነው።

ሕግ መኖሩ ብቻ ሁሉን ነገር ግልጽ አያደርግም። መጋቢት 7 ቀን 2016 ዓ.ም. ለቅዳሜ አጥቢያ ሌሊት የደረሰውን አብዛኞቻችን እናስታውሰዋለን። የኢትዮጵያ ንግድ ባንክ የኮምፒዩተር ሥርዓት በመታወኩ ደንበኞች በሒሳባቸው ከሌላቸው በላይ ገንዘብ ማውጣትና ማስተላለፍ ቻሉ። ወሬው በዩኒቨርሲቲዎች ግቢ ፈጥኖ ተሠራጨ፤ ተማሪዎች በሌሊት በገንዘብ መክፈያ መሣሪያዎች ፊት ተሰለፉ። ባንኩ እንደ ገለጸው ወደ 490,000 የሚጠጋ የገንዘብ እንቅስቃሴ ተደርጓል፤ ያለ አግባብ የወጣውም 801 ሚሊዮን ብር ያህል ነበር። ባንኩ ነገሩ የውጭ ጥቃት እንዳልሆነና ከራሱ ሥርዓት ማሻሻያ ጋር የተያያዘ መሆኑን፣ በፈቃዱ የሚመልስም እንደማይከሰስ አስታወቀ። አብዛኛው ገንዘብ ተመለሰ። ያልመለሱትን የ567 ሰዎች ስምና ፎቶግራፍም ይፋ አደረገ።

ይህን ጉዳይ በክፍል ውስጥ ለውይይት ብናቀርበው ብዙ ፍሬ ይሰጣል። በሩን የሰበረ ሰው የለም፤ በሩ ራሱ ተከፍቶ አድሯል። ታዲያ በተከፈተ በር ገብቶ የሌላውን ገንዘብ ማውጣት ምን ይባላል? ስሕተት ነው ብሎ ያመነና ገንዘቡ የእርሱ አለመሆኑን እያወቀ የወሰደ በአንድ ሚዛን ይመዘናሉ? በፍርድ ቤት ያልተፈረደበትን ሰው ስምና መልክ መግለጥስ ተገቢ ነው? በዚያው ዓመት የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 መውጣቱን ጨምረን ብናነሣው ውይይቱ ይበልጥ ይዳብራል። እዚህ ላይ ልብ ሊባል የሚገባው አንድ ነገር አለ፤ ገንዘቡ ሊመለስ የቻለው እያንዳንዱ እንቅስቃሴ ከነሰዓቱና ከነባለቤቱ በመዝገብ ተይዞ ስለ ነበር ነው።

ሌላው ችግር ድንበር ነው። ዕቃው የኢትዮጵያዊ፣ ወደቡ የጅቡቲ፣ መርከቡ የሌላ አገር፣ አጥፊው ደግሞ ከማይታወቅ አገር ሲሆን ማን ይከሳል? እ.ኤ.አ. ሰኔ 27 ቀን 2017 ከዩክሬን የተነሣ አጥፊ ፕሮግራም የዴንማርክን የመርከብ ኩባንያ ሜርስክን አጠቃ፤ በብዙ አገሮች የሚያስተዳድራቸው ወደቦች ሥራ አቆሙ። ኩባንያው በ10 ቀን ውስጥ 45,000 ኮምፒዩተሮችን እንደ አዲስ ሠራ፤ ኪሳራውም ከ250 እስከ 300 ሚሊዮን ዶላር ተገመተ። ከጥፋቱ የተረፈው አንዱ ወሳኝ መዝገብ የተገኘው በጋና ነው፤ ያውም በዚያ ሰዓት መብራት ጠፍቶ ስለ ነበር! በ2020 አሜሪካ 6 የሩሲያ ወታደራዊ ስለላ መኰንኖችን ከሰሰች፤ ተከሳሾቹ ግን ችሎት ፊት አልቀረቡም። ክስ ያለ ትብብር ወረቀት ሆኖ ይቀራል ማለት ይህ ነው። የአፍሪካ ኅብረት እ.ኤ.አ. በ2014 በማላቦ የተቀበለው ስምምነት ከ9 ዓመት በኋላ በ2023 የጸናው፣ የተባበሩት መንግሥታትም በታኅሣሥ 2024 የኮምፒዩተር ወንጀልን የሚመለከት ስምምነት ያጸደቀው ይህን ክፍተት ለመድፈን ነው።

በክፍላችን ውስጥ

ይህ ሁሉ ለመምህርና ለተማሪ ምን ይጠቅማል? እኛ ሦስት ነገሮችን እናስባለን። አንደኛ፣ የተማሪዎችን ውጤት የያዘ ኮምፒዩተር እንደ ወደብ መዝገብ ይቈጠር፤ የይለፍ ቃል በግድግዳ ላይ አይለጠፍ፣ ማን መቼ እንደ ገባም የሚያሳየው መዝገብ ሥራ ላይ ይዋል፤ የውጤቱም ግልባጭ በሌላ ቦታ ይቀመጥ። ሁለተኛ፣ ጥፋት ሲገኝ መሣሪያው አይጠረግ፤ የታየው ነገር ከነቀኑና ከነሰዓቱ ተጽፎ፣ ሁለት ሰዎች ፈርመውበት፣ መሣሪያው እንዳለ ለባለሙያ ይሰጥ። ሦስተኛ፣ «የሚያውቅ እርሱ ነው» ማለት «ያጠፋ እርሱ ነው» ማለት እንዳልሆነ ለራሳችንም ለልጆቻችንም እናስተምር። ዕውቀት እንደ ወንጀል የሚቈጠርበት ትምህርት ቤት ትምህርት ቤት ሊባል አይችልም።

የዶራሌው ሾፌር ሁለት ነገሮችን ብቻ ይመለከት ነበር፤ ቁጥሩ መግጠሙንና ማኅተሙ አለመሰበሩን። ዳኛም ከዚህ የተለየ አይጠይቅም። የቀረበው ማስረጃ ከተፈጸመው ድርጊት ጋር ይገጥማልን? ከተያዘበት ሰዓት እስከ ችሎቱ ድረስስ ማኅተሙ ሳይሰበር ደርሷልን? ይህ ሲሟላ አጥፊው ይቀጣል፤ ያላጠፋውም ነፃ ይወጣል። እኛ በዚያን ጊዜ ማስረጃውን ጠብቀን ቢሆን ኖሮ ለእኒያ አባት መልስ በኖረን ነበር። ከእንግዲህ በኋላ ሌላ አባት ቢመጡ ግን ባዶ እጃችንን እንዳያገኙን ማድረግ እንችላለን።